ለበር ደብዳቢዎቻችን ሜዳልያ ይገባል

ጎንደር ውስጥ ዕዳ የሚያስመልሱ ጎረምሶች እስከ ዛሬ አለመሸለማቸው ይገርመኛል። ፍርድ ቤት ብትሄድ ክስ ማጻፍ አለ፣ ዳኝነት መክፈል አለ፣ መጥሪያ ማድረስ አለ። ከዚያ ቀጠሮ። ከቀጠሮው በኋላ ሌላ ቀጠሮ። እነሱ ግን ከቅዳሜ ገበያ በአንድ ባጃጅ ተጭነው ከች ይላሉ፣ በሩን በእግራቸው ያንኳኳሉ፣ ፍርዱም አፈጻጸሙም እዚያው ደጃፍ ላይ ያልቃል። ይግባኝ የለም። ፋይልም አይጠፋም፤ ከመጀመሪያውም የለማ።

ማስረጃ ላይም አያስቸግሩም። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 2472 ላይ፣ ከ500 ብር በላይ የሆነ ብድር በጽሑፍ፣ አለዚያም ፍርድ ቤት በተሰጠ የእምነት ቃል ወይም በመሐላ ካልሆነ አይረጋገጥም ይላል። ምን አደከመው! ለጎረምሶቹ አበዳሪው «ሰጥቼዋለሁ» ካለ ሰጥቶታል። ሒሳቡንም በቃላቸው ነው የሚሠሩት፦ ዋናው፣ ወለዱ፣ የባጃጁ፣ የማታው ዳሽን።

ከሁሉ የማደንቀው ግን የዕቃ ምርጫቸውን ነው። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ በቁጥር 404 በፍርድ እንኳ የማይያዙ ነገሮችን ይዘረዝራል፦ የሚለበስ ልብስ፣ አልጋ፣ የማብሰያ ዕቃ፣ ሰው እንጀራ የሚበላበት የሙያ መሣሪያ። ጎረምሶቹ ሕጉን ሳያነቡት አይቀሩም፤ የሚጀምሩት ልክ ከዚሁ ዝርዝር ነውና። የልብስ ሰፊውን ሲንጀር ባጃጅ ላይ ይጭኑና «በል እንግዲህ ሠርተህ ክፈል!» ብለውት ይሄዳሉ።

ጎረቤትም ይመሰገናል። በየበሩ ቆሞ ያያል። «ታዲያ ወስዶ ካልከፈለ ምን ያድርጉት?» ይላል። (ተበዳሪውም ጻድቅ አይደለም። ስልኩን አጥፍቶ አዘዞ ዘመድ ቤት የከረመ ሰው ነው።)

ፖሊስ ጣቢያ የደረሰ ደግሞ አጭር የሕግ ትምህርት ያገኛል።

«የኔ ጌታ፣ ቤቴን ሊሰብሩ ዝተውብኛል።»

«የገንዘብ ጉዳይ አለባችሁ?»

«አለ፣ ግን...»

«እንግዲያው ፍትሐ ብሔር ነው። ፍርድ ቤት ሂድ።»

«ኧረ ማታ እንመጣለን ብለውኛል!»

«እስካሁን መቱህ?»

«አልመቱኝም።»

«ሲመቱህ ና።»

አበዳሪውም ባለፈው ሲመጣ ይህንኑ ተብሎ ነው ወደ ጎረምሶቹ የዞረው። ሁለቱን እኩል ማስተናገድ ማለት ይህ ነው። ዕዳው ፍትሐ ብሔር ቢሆንም ዛቻውና በር ሰበራው ወንጀል ነው የሚል ክርክር አለ። የወንጀል ሕጉም የሚለው ይህንኑ ነው። ግን በአንድ ጉዳይ ሁለት መዝገብ መክፈት ለተረኛ ይከብዳል።

አንዳንዱ ተረኛ በተቃራኒው ለጋስ ነው፤ ተበዳሪውን ራሱን አስጠርቶ ያሳድርለታል። ኢትዮጵያ በ1985 የተቀበለችው የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ቃል ኪዳን፣ የውል ግዴታውን መወጣት ስላልቻለ ብቻ ማንም አይታሰርም ይላል። እሱም ቢሆን አሰርኩት አይልም። «ለማረጋጋት ነው» ይላል።

ያለፈው ዘመን በዚህ በኩል ኋላ ቀር ነበር። አበዳሪና ተበዳሪ በአንድ ሰንሰለት ተቆራኝተው ይውሉ ነበር። ያኔ አበዳሪውም ከሰንሰለቱ በሌላው ጫፍ ታስሮ ስለሚውል ነገሩ ቶሎ ይሰለቸዋል። ዛሬ አበዳሪው ፒያሳ ማኪያቶውን እየጠጣ በስልክ «ጫናችሁት?» ብሎ ይጠይቃል።

የምሰጋው ለጎረምሶቹ ነው። ሲንጀሩ ተሽጦ አበዳሪው ድርሻቸውን ቢክዳቸውስ? ጽሑፍ የላቸውም። ምስክራቸው የባጃጁ ሹፌር ነው፤ እሱም ሒሳቡ ገና አልተከፈለውም። ጣቢያ ቢሄዱ «የገንዘብ ጉዳይ ነው?» ይባላሉ። ሌሎች ጎረምሶች መቅጠር ሊኖርባቸው ነው።