ካሴቶቹ ሳጥን ውስጥ ናቸው፦ የሥነ ጽሑፍ ፕሮፌሰር ስለ ዩኒቨርሲቲ መጻፍ አለበት ወይ?

የክርክሩ ጥያቄ ይህ ነው፦ የእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ ፕሮፌሰር ግጥምና ልብ ወለድ ማጥናቱን ቀንሶ ስለ ከፍተኛ ትምህርት አደባባይ ወጥቶ ሲጽፍ፣ ሥራውን ትቶ ነው ወይስ ሥራውን እየሠራ? መነሻው የአሜሪካዊው የጄራልድ ግራፍ የሙያ ጉዞ ነው። ግራፍ እ.ኤ.አ. በ1937 ቺካጎ ተወለደ፤ በ1963 ከስታንፎርድ ዶክትሬቱን አገኘ። በሐያሲነት ጀምሮ በ1987 የአሜሪካ የሥነ ጽሑፍ ትምህርት ክፍሎችን ታሪክ ጻፈ። ከዚያ ወዲህ ብዕሩ ያተኮረው ዩኒቨርሲቲ ተማሪውን እንዴት እንደሚያስተምር በመጠየቅ ላይ ነው። ተከራካሪዎቹ ሁለቱም የሐዋሳ ነዋሪዎች ናቸው። እሷ የሁለተኛ ደረጃ የእንግሊዝኛ መምህርት ናት፤ እሳቸው ዩኒቨርሲቲ ያስተማሯት መምህር ናቸው።

መምህርቷ

ጋሼ፣ አስቀድሜ ዕዳዬን ልናገር። ሁለተኛ ዓመት ሳለን አንድ ሙሉ ክፍለ ጊዜ በአንዲት የእንግሊዝኛ ግጥም መስመር ላይ አዋሉን። ግሡ ለምን መጨረሻ ላይ መጣ ብለው ጠየቁን። ማናችንም አልመለስንም፤ እርስዎም አልነገሩንም። "ነገ ንገሩኝ" ብለው ወጡ። ያን ሌሊት እንቅልፍ በዓይኔ አልዞረም። አስተማሪ ልሁን ብዬ የወሰንኩት ያን ሌሊት ነው።

ዛሬ ጋዜጣ ስገልጥ አገኝዎታለሁ፤ አንድ ሳምንት ስለ መውጫ ፈተና፣ በሌላው ስለ በጀት፣ በሦስተኛው ስለ ተማሪ ምደባ። የሚጽፉት ስህተት ነው አልልም። ብዙው እውነት ነው። ጥያቄዬ ሌላ ነው፦ እርስዎ ብቻ ሊሠሩት የሚችሉትን ሥራ አሁን ማን እየሠራው ነው?

ባለፈው ፍቼ ጫምባላላ፣ በሲዳማ ዘመን መለወጫ፣ ተማሪዎቼን ይዤ በዓሉ ወደሚከበርበት ጉዱማሌ ወርጄ ነበር። የጭፈራ ዜማው ቄጣላ ሲዜም፣ ሰዉ እየዘለለ ሲቀባበል አንዲት ልጅ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብላ "ቲቸር፣ ይኼ መጽሐፋችን ላይ ካለው ግጥም በምን ያንሳል?" አለችኝ። መልስ አጣሁ። ዜማው እንደሚያወድስም እንደሚወቅስም አውቃለሁ። ምቱ እንዴት እንደሚቆጠር፣ ተቀባዩ የአውጪውን ቃል የት ላይ እንደሚያጥፈው ግን ማንም አላስተማረኝም። ከዚያ ትዝ አለኝ፦ እርስዎ ይርጋለምና አለታ ወንዶ እየሄዱ እነዚህን ዜማዎች በካሴት ይቀዱ ነበር። "መጽሐፍ ይሆናል" ብለውን ነበር። ይኸው እኔ ተመርቄ፣ አግብቼ፣ ልጄ ትምህርት ቤት ገባ። መጽሐፉ የለም።

ግራፍን ቢያነሱብኝም አልሸሽም። ሰው የሰማው ምሁር ስለሆነ ነው። የ1987ቱን ታሪክ የጻፈው የድሮ ሥርዓተ ትምህርትና የድሮ ንግግሮችን አቧራ አራግፎ አንብቦ ነው። አስተያየቱ የሥራው ልጅ ነው። ሌላው አሜሪካዊ የሥነ ጽሑፍ ፕሮፌሰር ስታንሊ ፊሽም እንዲሁ ነው። እ.ኤ.አ. በ1967 ስለ እንግሊዛዊው ባለቅኔ ስለ ሚልተን የጻፈውን ጥናት ሚልተንን የሚያጠና ሰው ዛሬም አያልፈውም። እ.ኤ.አ. በ2008 ባሳተመው መጽሐፍም ለመምህራን የሰጠው ምክር ግልጽ ነው፦ የዘርፋችሁን ዕውቀትና የመተንተን ችሎታ አስተምሩ፤ ዓለምን ማዳን በትርፍ ሰዓታችሁ ይሁን።

መምህሩ

ልጄ፣ ስለ ካሴቶቹ ያነሳሽው ያማል። እመለስበታለሁ፤ አልሸሸውም።

መጀመሪያ ግን ፊሽን እንዳለ እንውሰደው። እሱ የተቃወመው መምህር ክፍል ውስጥ ቆሞ ፖለቲካውን መስበኩን ነው። ስለ ዩኒቨርሲቲ አትጻፉ አላለም። ራሱ ዲን ነበር፤ ለዓመታትም በኒው ዮርክ ታይምስ ስለ ዩኒቨርሲቲ ጽፏል። ስለዚህ ምስክርሽ ለእኔም ይመሰክራል።

ግራፍ ያስተማረኝን ልንገርሽ። በዚያ ታሪኩ ያሳየው አንድ ነገር አለ፦ አዲስ የጥናት መስክ ሲመጣ ትምህርት ክፍሉ አንድ መምህር ይቀጥርና አንድ ኮርስ ይጨምራል። የድሮው በድሮው ክፍል፣ አዲሱ በአዲሱ ክፍል በር ዘግቶ ያስተምራል። ሁለቱ በሐሳብ አይስማሙም፤ ጭቅጭቃቸውን ግን ተማሪው አይሰማም። ከአንዱ ክፍል ወጥቶ ሌላው ሲገባ ሁለቱንም እየደገመ ይመረቃል። ግራፍ "ጭቅጭቁን ራሱን አስተምሩት" አለ። ይህ ለእኛ እንግዳ ነው? አባቶቻችን ተጠየቅ ልጠየቅ እያሉ የተሟገቱ ሰዎች ናቸው። የቅኔ ተማሪ የቆጠረውን ይዞ መምህሩ ፊት ይቆማል፤ ጓደኞቹ እየሰሙ ይታረማል። እኛ ግን ዘመናዊ ዩኒቨርሲቲ ስንከፍት ሙግቱን ከደጅ አስቀርተን ሃንድአውት አባዛን።

አሁን ለምን እንደወጣሁ ልናገር። በ2000ዎቹ ዓ.ም. 70 በ30 የሚባለው ምደባ መጣ፤ ከ100 ተማሪ 70ው ወደ ሳይንስና ቴክኖሎጂ፣ 30ው ወደ ቀረው ሁሉ። አዳማ ላይ ዩኒቨርሲቲው እንዳለ የሳይንስና ቴክኖሎጂ ሆነ። እኔ ሳይንስ አልጠላም። ነገር ግን ስለዚያ ውሳኔ ኢኮኖሚስቱ ተናገረ፣ መሐንዲሱ ተናገረ፤ የቃል ሰዎች የሆንነው ዝም አልን። ቀጥሎ በ2015 ዓ.ም. የመውጫ ፈተና ተጀመረ። የሥነ ጽሑፍ ተማሪዬ አራት ዓመት አንብቦ በመጨረሻ ከአማራጮች አንዱን ፊደል ይመርጣል። ያቺ ግሡ መጨረሻ ላይ የመጣችበት መስመር "ሀ፣ ለ፣ ሐ፣ መ" ተብላ ብትቀርብልሽ ያን ሌሊት ትተኚ ነበር፤ እውነቴን ነው።

አንድ ምሳሌ ብቻ ልጨምር። የ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ውጤት ሲነገር 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 በመቶ ብቻ ነበሩ። አገሩ ሁሉ "ተማሪዎቹ ወደቁ" አለ። ይህን ዓረፍተ ነገር እንደ ግጥም አንብቢው። ባለቤቱ ማን ነው? ተማሪው። መጽሐፍ ያላደረሰው፣ በቂ ሥልጠና ሳይሰጥ መምህር ያሰማራው፣ ክፍሉን ያጨናነቀው ዓረፍተ ነገሩ ውስጥ የሉም። እኔ በዚያ ሳምንት የጻፍኩት ስለዚህ ሰዋስው ነበር። ያ ሥነ ጽሑፍን መተው ነው? የተማርኩት ሌላ ምን ነበርና?

መምህርቷ

ያን ጽሑፍ ቆርጬ አስቀምጬዋለሁ። መምህራን ማረፊያ ክፍል ውስጥ ጮክ ብዬ አንብቤዋለሁ። አንዲት እህታችን አልቅሳለች።

ግን ጋሼ፣ እሱ ለእርስዎ ሳይሆን ለእኔ ይመሰክራል። ልብ የነካው ማንበብ የሚችል ሰው ስለጻፈው ነው። የቀሩትን ደግሞ ይዩዋቸው። ስለ በጀት ክፍፍል የጻፉትን የሒሳብ ባለሙያ ይጽፈዋል። ስለ ቦርድ አሿሿም የጻፉትን የሕግ ባለሙያ ከእርስዎ አሳምሮ ይጽፈዋል። እነዚያን ጋዜጦች ሰፈሬ ያለች ባለሱቅ በርበሬ ስትጠቀልልባቸው አይቻለሁ። ስምዎን አንብቤ ከፋኝ። ቄጣላውን ግን ሌላ ማንም አልጻፈውም።

ቅርባችን ያለውን ሰው እናንሳ። ደበበ ሰይፉ ይርጋለም ተወልዶ አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ አስተማረ። ግጥሙ ዛሬም በቃል ይባላል። ስለ ቴአትር ጽሑፍ አጻጻፍ የማስተማሪያ መጽሐፍ ትቶልናል። "ገጸ ባሕርይ" የሚለውን ቃል ለሥነ ጽሑፍ ትምህርት ያመጣው እሱ ነው እየተባልን ነው የተማርነው። እኔ በቀን ስንት ጊዜ ያን ቃል እጠራለሁ! አምድ አላቆመም፤ ቃል አቆመ።

መምህሩ

ደበበን ስላነሳሽ እግዜር ይስጥሽ። ግን ቃሉን ያመጣው ለምን ነበር? የዩኒቨርሲቲው ቋንቋ እንግሊዝኛ ነው። ስለ አማርኛ ልብ ወለድ በአማርኛ ለመነጋገር መጠሪያ ያስፈልግ ነበር። መጠሪያ ማቆም ትምህርቱ በማን ቋንቋ ይሰጥ በሚለው ጥያቄ ውስጥ እጅ ማስገባት ነው። ምሁርነቱንና ለትምህርቱ መቆርቆሩን አንቺ ለይተሽ አስቀመጥሻቸው እንጂ እሱ ዘንድ አንድ ነበሩ።

አሁን ወደ ካሴቶቹ። አሥራ አራት ናቸው። በአንድ የጫማ ሳጥን ውስጥ፣ ከመጻሕፍት መደርደሪያዬ ሥር። ሲዳምኛ እሰማለሁ፣ እናገራለሁም፤ የሽማግሌ ዜማ ግን ሌላ ነው፤ ዛሬ ማንም የማይጠራው ቃል አለበት። ቋንቋው የአፍ መፍቻው የሆነ፣ ቁጭ ብሎ ቃል በቃል የሚገለብጥ ረዳት ያስፈልገኝ ነበር። ለምርምር ገንዘብ የሚሰጡ ቢሮዎች ዘንድ ሦስት ጊዜ ማመልከቻ አስገባሁ። አንዱ ጋ "ለልማት ያለው ፋይዳ" የሚል ባዶ ሣጥን መሙላት ነበረብኝ። የሰው ዜማ ምን ያህል ኩንታል ያመርታል ብዬ ልጻፍ? ሳይቀበሉ መለሱልኝ። የመጀመሪያውን የጋዜጣ ጽሑፌን የጻፍኩት በዚያ ሳምንት ነው። ከካሴቶቹ ሸሽቼ አልወጣሁም። የወጣሁት ስለ እነሱ ነው።

መምህርቷ

ይህን ነግረውን አያውቁም።

ቢሮው እንዲያ ማለቱ ያስቆጣል፤ ልክ ነዎት። ነገር ግን ጋሼ፣ እርስዎ በጽሑፍ ቢሮውን እስኪያስተካክሉ ያዜሙት አባቶች ይጠብቃሉ? ከቀዷቸው ስንቶቹ በሕይወት አሉ? የካሴት ክርስ ስንት ክረምት ይችላል? በጀት ቢዘገይም አንድ ቀን ሊመጣ ይችላል። የሞተ አዋቂ አይመጣም። በእርስዎና በእኔ መካከል ያለው ልዩነት ይህ ብቻ ነው፤ እርስዎ በር እስኪከፈት ያንኳኳሉ፣ እኔ በጓሮ እንግባ እላለሁ።

አርባ ያህል ተማሪዎች አሉኝ፤ አብዛኞቹ ሲዳምኛ የአፍ መፍቻቸው ነው። ስልካቸው ድምፅ ይቀዳል። አያቶቻቸው ቤታቸው ናቸው። ለዚህ የሚሞላ ቅጽ የለም።

መምህሩ

አልተረታሁም፤ ይህ ይመዝገብልኝ። ነገ ደግሞ ሌላ 70 በ30 ሲመጣ ዝም ብል ተማሪዎችሽ የሚገቡበት ትምህርት ክፍል አይኖርም፤ ስለዚህ እጽፋለሁ። ግን ስለ ጊዜው ያልሽው መልስ የለኝም። ከቀዳኋቸው ሁለቱን ቀብሬያለሁ።

ካሴት ማጫወቻው ይሠራል። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ አምስት ልጆች ይዘሽ ነይ፤ ከዚያ በላይ ቤቴ አይበቃም። ያቺ ጉዱማሌ ላይ የጠየቀችሽ ልጅ ትኑርበት።

መምህርቷ

እንመጣለን። እሷ ደብተሯን ከአሁኑ አስምራለች፤ በአንድ በኩል ሲዳምኛው፣ በሌላው አማርኛው። አንድ ልመና አለኝ፦ የቅዳሜውን አምድ ዓርብ ማታ ጨርሰው ይላኩ።