ወርቅ በትር የያዙት ጄኔራል እና የሰፈራችን ሻለቃ

ጁን 9 ቀን 2018 ለንደን ውስጥ በንግሥት ኤልሳቤጥ የልደት ሰልፍ ላይ አንድ ሽማግሌ ከፈረስ ወደቁ (ዓመቱን በፈረንጅ ነው የምጽፈው፣ በኛ ሲሆን እናገራለሁ)። ያን ሰሞን ወሬው ስልኬ ላይ ሲመጣ እኔም እንደ ሰው ሁሉ 79 ዓመት የሞላቸው ሰውዬ ሙሉ የክብር ልብስ ለብሰው ፈረስ ላይ ምን ይሰራሉ፣ ቤታቸው ቁጭ ብለው ሻያቸውን አይጠጡም እንዴ ብዬ ስቄ አለፍኩ። በኋላ ማን እንደሆኑ ሳነብ ግን ሳቄ ቀዘቀዘ።

ሰውዬው ቻርልስ ገትሪ ናቸው፣ በ2025 በ86 ዓመታቸው አረፉ። በ1959 ዌልሽ ጋርድስ በሚባለው የዘበኛ ጦር መኮንን ሆነው ተመረቁ፣ ከዛ ኤስ ኤ ኤስ የሚሉት ልዩ ኃይል ውስጥ ገብተው የመን ውስጥ ኤደን ድረስ ዘመቱ፣ ሰሜን አየርላንድ አገለገሉ፣ እንዲህ እንዲህ እያሉ በ1994 የምድር ጦሩ አለቃ በ1997 ደግሞ የጠቅላላው ጦር ኤታማዦር ሹም ሆኑ። የኮሶቮ ጦርነትም የሴራሊዮን ዘመቻም በሳቸው ጊዜ ነው የሆነው። በ2001 ጡረታ ሲወጡ ደግሞ ቀጥታ ሮትስቻይልድ ባንክ ቦርድ ላይ ቁጭ አሉ፣ እስከ 2010 ድረስ፣ በዛው በ2001 ሎርድ ተብለው የላይኛው ምክር ቤት ገቡ፣ ሩሲያ ውስጥ ወርቅ የሚያወጣ ኩባንያ ቦርድም ላይ ነበሩ። ከ1999 ጀምሮ ለ20 ዓመት ደግሞ የንግሥቲቱ «ወርቅ በትር» ነበሩ።

ይሄ ወርቅ በትር የሚባለው ነገር ነው ይበልጥ የሳበኝ። ድሮ በቱዶሮች ዘመን ነገሥታቱ እንዳይገደሉ ሁሌ አጠገባቸው የሚቆም የታመነ መኮንን ነበር፣ የሚይዘውም ጫፉ ወርቅ የሆነ በትር ነው፣ ስሙም ከዛው መጣ። ከሱ ስር ደግሞ ብር በትር የሚባል አለ። ዛሬ ማንንም አይጠብቅም፣ ጥበቃውን ፖሊስ ይሰራዋል፣ እሱ በዘውድ ጭነትና በፓርላማ መክፈቻ ምናምን ላይ ይታያል። የንጉሥ ቻርልስ ዘውድ ሲጫን በ2023 ከሰረገላው ኋላ በፈረስ ስትሄድ የነበረችው ልዕልት አን ወርቅ በትር ሆና ነው።

እኛ አገር ሰው ይሄን ሰምቶ ፈረንጅ ሲቀብጥ የሚለው ነገር ይገርመኛል፣ የኛ ቤተ መንግሥት እኮ በዚህ ማንም አይበልጠውም ነበር። እልፍኝ አስከልካይ ነበረን፣ አጋፋሪ ነበረን፣ ከሁሉ ከሁሉ ሊቀ መኳስ ነበረን፣ ጦር ሜዳ ላይ የንጉሡን ልብስ ለብሶ ጥይቱ ወደሱ እንዲመጣ የሚቆም ሰው። ከወርቅ በትር ጋር ቁጭ ብሎ ቢያወራ ማን ማንን እንደሚንቀው አላውቅም! ሌላም ዝምድና አለ፣ ገትሪ በ2012 የክብር ፊልድ ማርሻል ተባሉ፣ ይሄንኑ የእንግሊዝ ጦር ማዕረግ በ1965 ንግሥቲቱ አዲስ አበባ ልትመጣ ቀናት ሲቀሩት ለጃንሆይም ሰጥተዋቸው ነበር።

አሁን ወደ ነጥቤ ልምጣ። ብዙ ሰው ይሄን አይነት ሕይወት ሲያይ የሚናደደው በፈረሱና በበትሩ ነው፣ የሕዝብ ገንዘብ ማባከን ነው ይላል። እኔ በትሩ ላይ ምንም ችግር የለብኝም፣ የኔ ጥያቄ ባንኩ ላይ ነው። አንድ ባንክ ታንክና ሄሊኮፕተር ሲያዝ የኖረን ሰው ቦርድ ላይ የሚያስቀምጠው የሂሳብ መዝገብ እንዲያነብለት አይደለም፣ ሰውዬው ስልክ ሲደውል ሚኒስትሩም የውጭ አገር መሪውም ስለሚያነሳለት ነው። ያ የስልክ ቁጥር የተጠራቀመው ደግሞ በመንግሥት ደሞዝ ነው። ሕገወጥ ነው አልልም፣ አይደለምም፣ ግን እኛ ቤት ሲሆን «ኔትወርክ» ብለን የምናማው ነገር እዛ «ልምድ» ሲባል ዝም ብሎ ማለፍ ይከብደኛል።

እሺ ይሁን፣ ግን ሌላውንም ጎን እዩት። እዛ አገር ጄኔራል ጠመንጃውን ሲያስቀምጥ የሚገባበት በር አለው። ባንክ አለ፣ ምክር ቤት አለ፣ ቤተ መንግሥት አለ። መንግሥት ላይ ቅር ካለው ተነስቶ በማይክ ይናገራል፣ ገትሪም በ2007 ከሌሎች አራት የቀድሞ ኤታማዦር ሹሞች ጋር ሆነው የወቅቱን ጠቅላይ ሚኒስትር ጎርደን ብራውንን በመከላከያ በጀት ጉዳይ ላይ እዛው ምክር ቤቱ ውስጥ ወረዱበት፣ ከዛ ሁሉም ወደየቤቱ ገባ። የኛ መኮንን ቅር ሲለው የነበረው አማራጭ ምን ነበር? በኛ በ1953 ክብር ዘበኛ፣ ማለትም የኛው ወርቅ በትር በሉት፣ እራሱ አዛዡ ጄኔራል መንግሥቱ ንዋይ እየመራው ጠብቅ የተባለውን ዙፋን ሊገለብጥ ተነሳ፣ አልሆነለትም፣ ተሰቀለ። በ1967 ኅዳር ላይ ደግሞ ስድሳዎቹ ሲረሸኑ ስንት ጄኔራል አብሮ ሄደ። ስለዚህ አንድ ጄኔራልን በባንክ ወንበርና በፈረስ ማስረጀት፣ ቢያናድድም፣ ሂሳቡ ሲሰራ ርካሽ ነው ባይ ነኝ።

እኔ ይሄን የምለው ሰፈራችን ውስጥ በነበሩ አንድ ሻለቃ ምክንያት ነው። በደርግ ጊዜ ሆለታ የተመረቁ፣ ኤርትራ ብዙ ዓመት የቆዩ ሰው ናቸው። በኛ በ1983 ያ ግማሽ ሚሊዮን የሚጠጋ ጦር ተበተነ ሲባል እሳቸውም የወታደር ካፖርታቸውን ብቻ ይዘው መጡ፣ የተወሰነ ጊዜ ሥራ አጥተው ተቀመጡ፣ ከዛ ባንክ ገቡ። ቦርድ ላይ አይደለም፣ በር ላይ! ጥበቃ ሆነው። ዩኒፎርሙ ትከሻው ላይ ስለሚሰፋ እቤት ወስደው በእጃቸው አጥብበውታል፣ ጫማቸውን ግን እንደዛ የሚያብረቀርቅ ጫማ የባንኩ ማናጀርም የለውም ነበር። በትርም ነበራቸው፣ ጥቁር የጎማ ዱላ፣ ቀበቶ ላይ የሚንጠለጠል።

እናቴ ጡረታ ልትቀበል ስትሄድ ልጅ ሆኜ እሄድ ነበር። በሩ ላይ የሚጋፋው ሕዝብ አይጣል ነው፣ ሁሉም ቀድሞ ሊገባ ይፈልጋል፣ ሻለቃ አይጮሁም፣ ዱላውንም አይነኩትም፣ ሁለት እርምጃ ወደፊት ይመጡና እጃቸውን ዘርግተው ከዚህ እስከዚህ ይላሉ፣ በቃ መስመር ይሆናል። አንድ ቀን እናቴ «ሻለቃ ሰልፉን እንዴት እንዲህ አስተካከሉት» ስትላቸው ፈገግ ብለው «እኔ የማውቀው ሰልፍ ነው እትዬ፣ ድሮ ግን ፊቴን ወደነሱ አዙሬ ሳይሆን ከፊታቸው ሆኜ ነበር» አሏት፣ ከዛ ለሚቀጥለው ሰው በሩን ከፈቱለት።