ወሬው ሳያልቅ ሱፕሊው ቀዘቀዘ

ሱፕሊ የምትባል ነገር አለች፤ ሮም ውስጥ። ሩዝ በቲማቲም ስጎ ይበስልና መሃሉ ላይ ሞዛሬላ ቺዝ ይደረግበታል። ከዚያ በዳቦ ፍርፋሪ ተለውሶ ዘይት ውስጥ ይጠበሳል። ለሁለት ስትገምሷት ቺዙ ክር ሆኖ ይሳባል። ክሩ የድሮ ስልክ ሽቦ ይመስላል ተብሎ «የስልክ ሱፕሊ» ይሏታል። የሱፕሊ ነገር ያ ክር ነው። ክሩ ደግሞ ትኩስ ካልሆነች የለም።

አስጎብኚያችን ይህን ሁሉ ታውቃለች። የነገረችንም እሷው ናት። ችግሩ፣ የነገረችን ሱፕሊዎቹን በእጇ እንደያዘች ነው። ትራስቴቬሬ ሰፈር አንዲት ጠባብ መንገድ ላይ አቁማን «ቆይ! ከመብላታችሁ በፊት ታሪኩን ልንገራችሁ» አለች። ስለ ሩዙ ነገረችን። ስለ ስጎው ነገረችን። ስለ አያቷ ነገረችን። (ምግብ አስጎብኚዎች ያለ አያት አይቀጠሩም መሰለኝ።) ሽቦ ያለው ስልክ ምን ይመስል እንደነበር ሳይቀር አስረዳችን፤ እኔን፣ ለሳንቲም ስልክ ተሰልፌ ያደግኩትን ሰውዬ። በመጨረሻ «እንግዲህ እዩ!» ብላ ገመሰቻት። ቺዙ ረግቶ ቁጭ ብሏል። ክር የሚባል የለም።

ጉብኝቱን የከፈለችልን ከቨርጂኒያ የመጣችው የአክስቴ ልጅ ናት። «የግል ነው፤ ለእኛ ብቻ ነው» እያለች ስትኩራራ ነው የከረመችው። እናቷም አብራን ነበረች። ወቅቱ ሁዳዴ ነው። በሁዳዴ የምግብ ጉብኝት መክፈል ምን ማለት እንደሆነ እናንተው ፍረዱ። አክስቴ ግን አልተቀየመችም። «እናንተ ብሉ፤ እኔ እግሬን አፍታታለሁ» ብላ ነጠላዋን ጣል አድርጋ ወጣች።

«ለብቻው የበላ ለብቻው ይሞታል» ይላሉ አበው። የምወደው ተረት ነው። ሌሎቹ ተረቶቻችን ይመክራሉ፤ ይሄ ግን በቀጥታ ያስፈራራል። ፈረንጅ ግን አልሰማም። እንዲያውም ለብቻው ለመብላት ጨምሮ ይከፍላል። በጋራው ጉብኝት አስራ ምናምን ሰው አለ። ከአንድ ረጅም ጀርመናዊ ጀርባ ተሸጉጦ ሱፕሊውን በትኩሱ መጉረስ ይቻላል። በግሉ መሸጎጫ የለም። አስጎብኚዋ ዓይን ዓይንህን ታይሃለች። አንገትህን መነቅነቅ አለብህ። «ዋው» ማለት አለብህ። ለአንድ ፔኮሪኖ ቺዝ ስንቴ «ዋው» ይባላል? የአክስቴ ልጅ አሜሪካ ስለኖረች አይከብዳትም። እኔ አንገቴን አመመኝ። ገንዘቡ ለምግቡ መስሎኝ ነበር፤ ለካስ ለትምህርቱ ኖሯል።

ደግሞ ሁሉም ነገር ሁለቴ ነው የሚነገረው። አስጎብኚዋ በእንግሊዝኛ ትጨርሳለች፤ አክስቴ «ምን አለች?» ትላለች፤ ልጇ ከሀ ጀምራ ትተረጉማለች። ምግቡም ሁለቴ ይቀዘቅዛል።

ከትራስቴቬሬ ድልድዩን ተሻግረን ቴስታቺዮ ገባን። እዚህ ሰፈር የሮም ቄራ ነበር። በ1891 ተሠርቶ ያለቀ፣ በ1975 የተዘጋ። (ዓመቶቹን በእነሱ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።) አስጎብኚዋ እንደምትለው በሬው ለአራት ይከፈልና ምርጡ ለመኳንንቱ፣ ቀጣዩ ለካህናቱ፣ ከዚያ ለሀብታም ነጋዴው፣ ከዚያ ለወታደሩ ይሄድ ነበር። ጅራቱ፣ ጨጓራው፣ አንጀቱ፣ ልቡ ለድሃው ይተርፋል። ለአራጆቹም የደሞዛቸው ማሟያ ሆኖ ይሰጣቸው ነበር። «አምስተኛው ሩብ» ይሉታል። አራት ሩብ ያለው በሬ አምስተኛ ሩብ ሲያወጣ አስቡት። ሂሳቡ ድሃ ላይ ሲደርስ ነው እንዲህ የሚሆነው። የእኛ ቅርጫ ይሻላል። ቅርጫ ላይ ጨጓራውም ጉበቱም ተቆራርጦ ለየመደቡ ይዳረሳል፤ ከዚያ ዕጣ ይወጣል፤ ከዚያ ጠብ ይነሳል። ቢሆንም እኩል ነው።

ፓያታ የምትባልም አለች። ሣር ያልቀመሰ የሚጠባ ጥጃ አንጀት ነው፤ የጠባው ወተት ውስጡ እንዳለ በፓስታ ይበላል። በእብድ ላም በሽታ ምክንያት በ2001 ታግዳ በ2015 እንደገና ተፈቀደች። አክስቴ ሲተረጎምላት አማተበች።

ገበያው ውስጥ አንድ ሰውዬ ዳቦ ውስጥ ጨጓራ እያደረገ ይሸጣል። በቲማቲም የተሠራ ነው፤ ናና አለበት፤ ላዩ ላይ ፔኮሪኖ ይፈቀፈቅበታል። አስጎብኚዋ ማብራሪያዋን ጀመረች። በሮም ልማድ ሐሙስ ኞኪ (የድንች ሊጥ ድብልብል)፣ ዓርብ ዓሣ፣ ቅዳሜ ጨጓራ ነው። አክስቴ «ዓርብ ዓሣ» ላይ ስትደርስ ጆሮዋን ቀሰረች። «እነሱም ይጾማሉ እንዴ?» አለች። (ዓሣ በጾም ይበላል አይበላም የሚለውን ክርክር እዚህ አልከፍተውም። ከአክስቴ ጋር ከፍቼው አይቻለሁ።) ከዚያ ጥያቄ ጠየቀች። «ልጄ፣ ጨጓራውን ስንት ውሃ ነው የምታጥቡት?»

አስጎብኚዋ የጨጓራውን ታሪክ እስከ ጳጳሳቱ ዘመን ታውቃለች። ስንት ውሃ እንደሚታጠብ ግን አታውቅም። ሳቀች፤ «ጥሩ ጥያቄ ነው» አለች። አክስቴ ትታት ወደ ሰውየው ዞረች። በእጇ አሳየችው። ፈተገች፣ ጨመቀች፣ ደፋች፣ እንደገና ቀዳች። ሰውየው ወዲያው ገባው። እሱም በእጁ መለሰላት፤ ፈተገ፣ ደፋ፣ ፈተገ፣ ደፋ። ከዚያ መዳፎቹን ዘርግቶ አሳያት። ቀልተዋል፤ የጣቶቹ ጫፍ በውሃ ተጨማዶ ነጣ ብሏል። «አጥቦታል» አለች አክስቴ። የዱለት ባለሙያ ናት፤ ከሷ አፍ ይህ ትልቅ ምስክርነት ነው። የዚያን ቀን ያለ ማብራሪያ የገባን ነገር ይኸው ብቻ ነው።

እዚያው ሰፈር ሙሉ በሙሉ የገል የሆነ ኮረብታ አለ። የጥንት ሮማውያን ከስፔንና ከሰሜን አፍሪካ የወይራ ዘይት ያስመጡበትን እንስራ እየሰበሩ የከመሩት ነው። ዘይቱ ሸክላው ውስጥ ገብቶ ስለሚበላሽ እንስራው ሁለተኛ አያገለግልም። ቁመቱ ወደ 35 ሜትር ይጠጋል። አክስቴ ቀና ብላ አየችና «ሲሰብሩ ነው የኖሩት?» አለች። አለፍን።

ቡና ላይ ትንሽ ተጋጨን። የአክስቴ ልጅ ከሰዓት በኋላ ካፑቺኖ አዘዘች። አስጎብኚዋ ደነገጠች። ካፑቺኖ የጠዋት ነው፤ ከምሳ በኋላ ወተት ሆድ ይረብሻል። ሳትቀመጡ ባንኮኒው ጋ ቁማችሁ ጠጡ፤ ሲቀመጡ ይወደዳል። አዲስ አበባ ከቀትር በኋላ ማኪያቶ ስንጠጣ ማን ከለከለን? ጣሊያን ሲወጣ ማሽኑን ትቶልን ሕጉን ይዞ ሄዷል። ተመስገን ነው።

ከቴስታቺዮ ወጥተን ሰፊውን የአቬንቲኖ ጎዳና ይዘን ወደ ቺርኮ ማሲሞ ሄድን። አስጎብኚዋ ስለ ሠረገላ ውድድር መተረክ ጀመረች። አክስቴ አልሰማቻትም። ቆም ብላ አካባቢውን ታማትራለች። «ሐውልቱ የት ጋ ነበር?» አለች።

እዚህ ላይ ዝም ማለት አልችልም። ሙሶሊኒ የአክሱምን ሐውልት በ1937 አስመጥቶ ያስተከለው እዚያው አደባባይ ላይ ነው፤ ፖርታ ካፔና ይባላል። 24 ሜትር የሚረዝም ድንጋይ። ጣሊያን በ1947 የሰላም ውል ፈረመች፤ የወሰደችውን በ18 ወር ውስጥ ልትመልስ። የተመለሰው በ2005 ነው። 18 ወሩ 58 ዓመት ፈጀ። መሃል ላይ፣ በ2002፣ መብረቅ መታው። ከዚያ በ2003 ሦስት ቦታ ተከፍሎ ወረደ፤ በ2005 በአንቶኖቭ አውሮፕላን አክሱም ገባ፤ በ2008 ቆመ። አሁን ቦታው ላይ በ2001ዱ የኒውዮርክ ጥቃት ለሞቱት መታሰቢያ የሚሆኑ ሁለት ዓምዶች አሉ። ሟቾቹን ነፍስ ይማር። ግን 66 ዓመት ሙሉ እዚያ ለቆመው የእኛ ድንጋይ አንዲት ቃል የምትናገር አስጎብኚ ማግኘት ይከብዳል ወይ? አንዲት የሩዝ ኳስ ይዛ ስልክ ሽቦው ድረስ የወረደች ሴት፣ እዚህ ስትደርስ «አዎ፣ የሆነ ነገር ነበር» አለች። ለሱፕሊ ሙሉ ትረካ፤ ለአክሱም «የሆነ ነገር»።

ደግሞ ከአደባባዩ ፊት ለፊት ያለው ትልቅ ነጭ ሕንጻ የማን ይመስላችኋል? የፋኦ፣ የተባበሩት መንግሥታት የምግብና እርሻ ድርጅት ነው። ሕንጻው በሙሶሊኒ ዘመን ሲጀመር ለአፍሪካ ቅኝ ግዛቶች ሚኒስቴር ታስቦ ነበር። እኛን ሊያስተዳድሩበት ማለት ነው። ፋኦ ሮም የገባው በ1951 ነው። የምግብ ጉብኝት ከተባለ ከዚህ የበለጠ የምግብ ሕንጻ አለ? አንዲት ቃል አልወጣትም። ቴርሚኒ ባቡር ጣቢያ ፊት ለፊት ያለው አደባባይም እኮ በ1887 ዶጋሊ ላይ በራስ አሉላ ጦር ላለቁት ወታደሮቻቸው መታሰቢያ የተሰየመ ነው። ሐበሻው ሁሉ የሚቀጣጠረው ደግሞ እዚያው አካባቢ ነው። ይሄን ለአክስቴ ስነግራት «እሰይ» ብቻ አለች። እሱን አልተረጎምነውም።

የት ነበርኩ? ምግቡ ላይ። አይሁድ ሰፈር ደረስን፤ በ1555 ጳጳሱ በግንብ ያጠሩት፣ በ1870 ነፃ የወጣው ጌቶ። እዚህ አርቲቾክ ሙሉውን የወይራ ዘይት ውስጥ ሁለቴ ይጠብሱታል። ሲወጣ አበባ ሆኖ ይፈነዳል፤ ጫፍ ጫፉ ቺፕስ ነው፣ ልቡ ለስላሳ ነው። ወቅቱ ራሱ ሁዳዴ ላይ ነው የሚውለው። አክስቴ አስተናጋጁን «ቅቤ አለው? ወተት ነክቶታል?» ብላ አስጠየቀች። ሌላ ቦታ ይህን ስትጠይቅ በሽታ ያለባት እየመሰላቸው ያዩዋት ነበር። የዚህ ሰፈር አስተናጋጅ ግን ሥጋና ወተት በማይገናኙበት ወጥ ቤት ነው የሚሠራው። ጥያቄው አልገረመውም። «ሲኞራ፣ እዚህ ቤት ወተት አይገባም» አለ። አክስቴ ተቀመጠች። ሁለት በላች።

ይሄኔ አስጎብኚዋ ታሪክ አመጣች። በ2018 የእስራኤል የረቢዎች ምክር ቤት ይህ አርቲቾክ ኮሸር፣ ማለትም በአይሁድ ሕግ የሚበላ፣ አይደለም ብሏል፤ ቅጠሉ ሳይገለጥ ስለሚጠበስ ውስጡ ትል ቢኖር በደንብ አይጠራም ብለው። የሮም አይሁዶች ተቆጡ፤ መጥበሳቸውንም አላቆሙም። የአክስቴ ልጅ ልትተረጉም አፏን ስትከፍት እግሯን ረገጥኳት። የማጠብ ነገር እንደገና ከተነሳ አክስቴ ወጥ ቤቱ ትገባለች።

መጨረሻው ጄላቶ ነበር። ደማቅ አረንጓዴ ፒስታቾ ካያችሁ ሽሹ፤ ቀለም ነው፤ እውነተኛው ደብዘዝ ይላል። ተራራ ተደርጎ የተከመረውንም ተዉት። ጥሩ ምክር ነው። ግን ምክሩ እስኪያልቅ የእኔ ጄላቶ ክርኔ ጋ ደርሷል። የሚቀዘቅዘውን አቀዘቀዘችው፤ የሚቀልጠውን አቀለጠችው።

ሲያልቅ የጉርሻ ነገር መጣ። የአክስቴ ልጅ እንደ አሜሪካ ሃያ ፐርሰንት ልትሰጥ ቦርሳዋን ከፈተች። እኔ፣ ዋጋው ተከፍሏል፤ ደግሞ እዚህ ሀገር ጉርሻ ግዴታ አይደለም አልኩ። ሐውልቱን አልረሳሁላትም። ጭቅጭቅ ሆነ። አስጎብኚዋ ፈገግ ብላ ቆማለች። አክስቴ የሁለታችንንም ስትሰማ ቆይታ የሴትየዋን ጫማ አየች።

«ለእግሯ ስጫት» አለች። «ወሬውን በነፃ አድርጊው።»