ፋይላችሁን ያያችሁት መቼ ነው?

የደሴ የመንግሥት ሠራተኞች፣ ወንድሞቼና እኅቶቼ! ደመወዝ ሊጨመር ነው የሚል ወሬ የተሰማ ዕለት ከፒያሳ እስከ ሆጤ የማይሰላ ሒሳብ የለም። ሁለተኛው ቡና ሳይቀዳ እርከኑ፣ ደረጃው፣ ግብሩ በጣት ተቆጥሮ ያልቃል። በ2017 ዝቅተኛው ደመወዝ ከ1,100 ወደ 4,760 ብር ሲወጣ በየቢሮው የነበረውን ግርግር አልረሳችሁትም። ኑሮው እንዲህ ተወዶ ጭማሪ መጠበቅ አያስነቅፍም። የምወቅሳችሁ በሌላ ነው፤ እድገቱም ጡረታውም የሚወጣበትን የግል ማኅደራችሁን ከተቀጠራችሁ ወዲህ አንድ ቀን እንኳ ገልጣችሁ አላያችሁም።

እኔ ጡረታ እስክወጣ የሠራሁት ፋይል ክፍል ውስጥ ነው። አንድ ጥበቃ ነበሩ። ወረቀታቸውን በፌስታል ጠቅልለው መጡና «ስልሳ ሊሞላኝ ስድስት ወር ቀረኝ፣ አዘጋጅልኝ» አሉኝ። ማኅደራቸውን ሳወጣ በአንዱ ቅጽ የትውልድ ዘመናቸው 1955 ይላል፤ ከሥሩ ያለው፣ ዳሩ በምስጥ የተበላው የቅጥር ቅጽ ግን 1952። ሁለቱም ላይ የሳቸው ፊርማ አለ። «የኋለኛውን ልጄ ነው የሞላው፣ እኔ ፈርም ስባል ፈረምሁ» አሉ። ሕጉ የሚይዘው መጀመሪያ በተቀጠሩ ጊዜ የተመዘገበውን ዕድሜ ነው። በዚያ ስሌት መውጫቸው ካለፈ ሁለት ዓመት ተኩል ሆኖታል። ወንበር ስቤ ውሃ አስመጣሁላቸው፤ ሌላ ምን አደርጋለሁ?

ሒሳቡን ስሙኝ። የአሥር ዓመት አገልግሎት የመጨረሻዎቹን ሦስት ዓመታት አማካይ ደመወዝ 30 በመቶ ያስገኛል፤ ከዚያ በላይ ላለው ለእያንዳንዱ ዓመት 1.25 በመቶ ይጨመራል፤ ጣሪያው 70 ነው። 31 ዓመት አገልግላችሁ አማካዩ 10,000 ብር ቢሆን ወርኃዊ ጡረታችሁ 5,625 ብር ነው። ከኮምቦልቻ ወደ ደሴ ስትዛወሩ መሸኛው ጠፍቶ ሁለት ዓመት ሳይያዝላችሁ ቢቀርስ? በየወሩ 250 ብር ይጎድልባችኋል፣ እስከ ዕለተ ሞት። ዛሬ ለ250 ብር ከአለቃ ጋር ትኳረፋላችሁ፤ ለዚህኛው ግን አንድ ደብዳቤ ፎቶ ኮፒ ማድረግ ከበዳችሁ።

በ2014 ጦርነቱ ከተማችን ሲገባ በብዙ ቢሮ ወረቀት እንደ ገለባ ተበትኖ ነበር። የቅጥር ደብዳቤውን ቤቱ ያኖረ ሰው ሲረጋጋ ይዞ መጣና ማኅደሩ ተቃና። ያላኖረው የድሮ አለቃውንና ምስክር ፍለጋ ወደ ኮምቦልቻ የሚወስደውን የሐረጎን ዳገት ስንት ጊዜ ወርዶ ስንት ጊዜ እንደወጣ እሱ ይንገራችሁ። ይህን በዓይናችሁ አይታችሁም አልተማራችሁም። ይህ ያናድደኛል።

እናንተ የአበል ወዳጆችም አላችሁ። ለመስክና ለሥልጠና ስም ሲጻፍ ቀዳሚ ናችሁ፤ የደረጃ እድገት ማስታወቂያ ሲለጠፍ ግን «ፈተናው ያሰለቻል» ብላችሁ ታልፋላችሁ። የጡረታ መዋጮው ከእናንተ 7፣ ከመሥሪያ ቤቱ 11 በመቶ ሆኖ የሚታሰበው በደመወዝ ነው። ከአበሉ አምስት ሳንቲም አይገባበትም፤ ስለዚህ ያ ሁሉ የተመላለሳችሁበት መስክ በስልሳ ዓመታችሁ ከነጭራሹ የለም። እድገቱንም ለመጨረሻው ዓመት ብታቆዩት ያ ደመወዝ ከቀደሙት ሁለት ዓመታት ጋር ተደምሮ ለሦስት ይካፈላል።

ስለ ትዳራችሁም ልናገር፣ ነውር አይደለም። ኒካሑ በሽማግሌ ፊት ታስሯል፣ ሠርጉም ተበልቷል፤ በማኅደሩ ላይ ግን ዛሬም «ያላገባ» ይላል። ሟች ጡረተኛ ለሚስቱ የጡረታውን ግማሽ ያስተርፍላት ነበር። እሷ ግን ነጠላዋን ዘቅዝቃ ለባሏ ከማልቀስ ይልቅ ሚስቱ መሆኗን ለማስረዳት ፍርድ ቤት ትመላለሳለች።

የእኔ ቢጤ ፋይል ጠባቂዎችም ነጻ አይደላችሁም። የደረሳችሁን ደብዳቤ በዕለቱ ከማኅደሩ ማያያዝ ሲገባችሁ መሳቢያ ውስጥ ታሳድራላችሁ፤ ዓመትም ይሞላዋል። ባለጉዳዩ ሲጠይቅ «አልደረሰንም» ትሉታላችሁ።

እንግዲህ ሰኞ ጠዋት፣ ሻይ ሳትጠጡ፣ ወደ ሰው ሀብት ክፍል ሂዱ። የቅጥር ደብዳቤ፣ የትውልድ ዘመን፣ የጡረታ መለያ ቁጥር፣ መሸኛ፣ የትዳርና የልጆች ማስረጃ መኖራቸውን በዓይናችሁ እዩ፣ ኮፒያቸውንም ቤታችሁ አኑሩ። ቁልፉን የያዘው ሰው ለስብሰባ ወጥቷል ቢሏችሁ፣ ማክሰኞ ተመለሱ።