የኤልሳ መንደርና የእኛ ሶፋ

የእኛ ፊልም ላይ ድሃ የሚኖረው ጂፕሰም ጣሪያ ስር ነው። እናት ልጇን የምታስተምርበት አጥታ ታለቅሳለች፤ ከኋላዋ ግን መአት ሰው የሚያስቀምጥ ሶፋና ግድግዳውን የሞላ ቴሌቪዥን ይታያል። ምነው ሲባሉ «ቤቱን የሰጠን የፕሮዲውሰሩ ዘመድ ነው» ይላሉ።

ድሮም ያናድደኝ ነበር። ዱባይ ከፊሊፒኖች ጋር መኖር ከጀመርኩ ወዲህ ደግሞ ብሶብኛል። ዴይራ በሚባለው ሰፈር ቤድ ስፔስ፣ ማለትም አልጋ አልጋ እየተከራየን አንድ ክፍል የምንጋራት ፊሊፒናዊት አለች። ታላቃችን ስለሆነች ሁላችንም «አቴ» እንላታለን። ቀን ሙሉ ሱፐርማርኬት ካሸር ላይ ቆማ ትውልና ማታ የአገሯን የድሮ ፊልም ትከፍትልናለች።

«ሂማላ»ን ያየሁት በእሷ ነው። እ.ኤ.አ. የ1982 ፊልም ነው፤ ኢሽማኤል በርናል አዘጋጀው፣ ሪኪ ሊ ጻፈው። ድርቅ በመታው መንደር ኤልሳ የምትባል ልጅ «ማርያም ተገለጠችልኝ» ትላለች። በሽተኛው ይጎርፋል፣ ነጋዴውም ይከተላል። ጸበል ቦታ ወርዶ ለሚያውቅ ሰው ታሪኩ እንግዳ አይደለም። እኔን የገረመኝ መንደሩ ነው። መጀመሪያ ደርቆ፣ አመድ መስሎ ታዩታላችሁ። እንግዳ ሲበዛ ያው መንደር ገበያ ይሆናል። ማንም «ከተማችን ተለወጠች» ብሎ አይነግራችሁም፤ ቤቱና መንገዱ ይናገራሉ። የመጨረሻው ትዕይንት ላይ 3,000 ያህል ሰው አሸዋው ላይ ፈሶ ታያላችሁ።

«ይሄ የት ነው?» አልኳት። «ኢሎኮስ ኖርቴ» አለችኝ፤ ሰሜን ፊሊፒንስ ያለ አውራጃ ነው። ቀጥላም መንደሩን ለፊልሙ ያሰናዳችው ራኬል ቪልያቪሴንስዮ እንደሆነች ነገረችኝ። ካሸሯ ናት እንግዲህ ይህን የምታውቀው! እስቲ እናንተ ከአማርኛ ፊልም ቤቱንና ዕቃውን ያሰናዳ የአንድ ሰው ስም ጥሩልኝ። ተዋናዩን አላልኩም።

ራኬል ደግሞ ዕቃ አስቀማጭ ብቻ አይደለችም፤ ትጽፋለች፣ ትተውናለችም። ከ«ሂማላ» አንድ ዓመት ቀድማ ከዳይሬክተሩ ማይክ ደ ሊዮንና ከጸሐፊው ዶይ ደል ሙንዶ ጋር «ኪሳፕማታ» የተባለውን ፊልም ጽፋለች። ጡረታ የወጣ ፖሊስ ያገባች ልጁን ከነባሏ ከቤት አላስወጣ ይላል። መነሻው ጋዜጠኛው ኒክ ዋኪን የዘገበው እውነተኛ ግድያ ነው። ፊልሙ ላይ ቤቱ ራሱ እስር ቤት ይሆናል፤ በሩን፣ ደረጃውን፣ የምግብ ጠረጴዛውን ሳይቀር ትፈሩታላችሁ። ቤት ምን እንደሚናገር የገባው ሰው እጅ እንዳለበት ያስታውቃል። ሦስቱ ሰዎች «ባች 81»ንም አብረው ጻፉ። ሁለቱም ፊልሞች እ.ኤ.አ. በ1982 ካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ ታዩ። የ«ኪሳፕማታ» ያረጀ ቅጂ ቆይቶ ጣሊያን፣ ቦሎኛ ላይ ታድሷል።

እኛም ባዶ አይደለንም። የኃይሌ ገሪማ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» እዚያው ቦሎኛ ታድሷል፤ እዚያ ፊልም ላይ ጎጆው ጎጆ፣ ገበሬው ገበሬ ነው። ታዲያ ከዚያ ወዲህ ሶፋው ከየት መጣ? «በጀት የለም» እንዳትሉኝ ብቻ። አቧራ በነጻ ነው።

ሆድ የባሰኝ ግን በሌላ ነው። አዲስ አበባ እናቴ ቤት የፊልም ሰዎች መጥተው «እማማ፣ ለአንድ ቀን ብቻ» ብለው መሶብ ወርቋን ወሰዱ። የጎጃም ስፌት ነው፣ የእናቷ። ረከቦቱንም ደረቡበት። ፊልሙ ሲወጣ ቤተሰብ ተሰብስቦ አየ። መሶቡ አንድ ሀብታም ሳሎን ውስጥ ክዳኑ ተገልብጦ የፕላስቲክ አበባ ተሰክቶበታል! እናቴ የፊልሙን ታሪክ እስካሁን አታውቀውም፤ ዓይኗ ከመሶቡ አልተነሳም። መጨረሻ ላይ ከሚያልፈው ጽሑፍ ስሟን ብንፈልግ የለም። የአበባውን ሐሳብ ያመጣው ሰው ስምም የለም፤ እሱን እንኳ ባገኘው የምለው ነበረኝ።

ረከቦቱ አንድ እግሩ ተሰብሮ መጣ። መሶቡ አልመጣም። ስትደውል «እማማ፣ ኤዲቲንግ ላይ ነን» ይሏታል። ፊልሙ እኮ ዩቲዩብ ላይ ነው!