ክብር ለመስኮት ባለርስቶች

ሰሞኑን ስኮትላንድ ውስጥ ከፎርት ዊልያም እስከ ማሌግ በእንፋሎት ባቡር ሄጄ መጣሁ። እይታው እንዴት ነበር ለምትሉኝ፣ ጀርባው በጣም ያምራል። ሰማያዊ የዝናብ ጃኬት የለበሰ ጀርባ፣ ሻንጣ ያዘለ ጀርባ፣ ሁለት ክንድና አንድ ስልክ ወደ ላይ የበቀለበት ጀርባ። ከጀርባዎቹ ወዲያ ተራራ፣ ሐይቅና ዓለም ያወቀው ድልድይ እንዳለ ተነግሮኛል። የነገረችን አስጎብኚያችን ናት፤ የምትዋሽ ሰው አትመስልም።

ሰዎቹን ታውቋቸዋላችሁ። አንድ የሚያምር ነገር ባለበት ሁሉ ቀድመዋችሁ ደርሰው፣ ፊታችሁ ተገትረው፣ ስልክ ዘርግተው ታገኟቸዋላችሁ። ብዙ ሰው ያማቸዋል። እኔ ግን ዛሬ ላመሰግናቸው ነው የተነሳሁት። እኛ በዓይናችን አይተን እንዳንደክም ስንት ዋጋ እንደሚከፍሉልን መች አስበነው እናውቃለን? ክንድ ይዝላል። ባትሪ ያልቃል። ስልኩ ሞልቻለሁ ብሎ ይለምናል፤ እነሱ ግን የእናታቸውን ፎቶ አጥፍተውም ቢሆን ይቀጥላሉ።

ጉዞው ለማታውቁት እንዲህ ነው። በማለዳ ከግላስጎው በአውቶቡስ ትነሳላችሁ፣ አስጎብኚ ከፊት ሆና ታወራለች፣ ግማሹ ሰው ይተኛል። ፎርት ዊልያም ላይ ጃኮባይት የሚባለው ባቡር ላይ ትወጣላችሁ። 66 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፣ ሁለት ሰዓት ገደማ ይፈጃል። በሃሪ ፖተር ፊልሞች ውስጥ ተማሪዎቹን ወደ አስማት ትምህርት ቤት የሚወስደው ባቡር ሲያልፍ የምታዩት በዚህ ሐዲድ ላይ ነው። ፎርት ዊልያም አጠገብ ከብሪታንያ ተራሮች ሁሉ ረጅሙ፣ 1345 ሜትር ከፍታ ያለው ቤን ኔቪስ አለ። ብዙ ጊዜ ጉም ስለሚሸፍነው አይታይም፣ ስለማይታይ ማንም አይቀርጸውም፣ ስለዚህ የዚያን ዕለት ከነክብሩ የዋለው እሱ ብቻ ነበር።

ከዚያ በፊት ግን ግሌንኮ አለ። ግሌንኮ ሁለት ቋጥኝ የመሰሉ ተራሮች መሀል የተኛ ሸለቆ ነው። አስጎብኚዋ ድምጿን ዝቅ አድርጋ እ.ኤ.አ. በ1692 እዚያ የሆነውን ነገረችን። ወታደሮች በማክዶናልድ ጎሳ ቤት እንግዳ ሆነው ገቡ፣ ሁለት ሳምንት ገደማ በሉ፣ ጠጡ፣ አደሩ፣ ከዚያ አንድ ሌሊት ተነስተው ያስተናገዷቸውን ሰዎች በየቤታቸው ገደሉ። ያመለጡትንም በረዶው ላይ ብርዱ ፈጃቸው። አውቶቡሱ ጸጥ አለ። ከነቁት አንዱ እጁን አወጣ።

«ይሄ ስንተኛው ክፍል ላይ ነው?»

አስጎብኚዋ ትንሽ ዝም አለችና ሙያዋ ነውና መለሰች፦ ይሄ የትኛውም ክፍል ላይ የለም፣ ነገር ግን የሦስተኛው ፊልም የአውሬ ጠባቂው ጎጆ የተሠራው እዚሁ ሸለቆ ውስጥ ነው፣ ቀረጻው ሲያልቅም አፍርሰው ወስደውታል። አውቶቡሱ በአንድ ጊዜ ነቃ። ወረድን። ጎጆው የለም። ጎጆው የነበረበት ሣር ግን አለ። እንዴት ያለ ሣር መሰላችሁ! ከፊት ተነሳ፣ ከጎን ተነሳ፣ አንዷ ተንበርክካ አብራው ተነሳች። ሦስት መቶ ዓመት ያለፈው ግፍ እንቅልፍ አምጥቶ፣ ተነቅሎ የሄደ የፊልም ጎጆ እንባ ሲያመጣ ማየት ቀላል ነገር አይደለም። ይህን ያህል የማሰብ ነፃነት ለማንም አይሰጥም።

ፎርት ዊልያም ጣቢያ ላይ ሌላ ሐዘን ጠበቀን። ባቡሩ ጥቁር ነው! በፊልሙ ላይ የምታዩት ቀዩ ሎኮሞቲቭ ኦልተን ሆል ይባላል፤ እ.ኤ.አ. በ1937 የተሠራ ነው፣ ቀይ የተቀባውም ለፊልሙ ነው፣ አሁን ለንደን አቅራቢያ ስቱዲዮ ውስጥ ቆሞ ይጎበኛል። እዚህ የሚጎትተው አብዛኛውን ጊዜ ብላክ ፋይቭ ከሚባሉት አንዱ ነው። ፊታችን ላይ የቆመው ደግሞ በሙሉ ነፍሱ ይተነፍሳል፣ ያንጠባጥባል፣ የድንጋይ ከሰልና የትኩስ ዘይት ሽታው ጣቢያውን ሞልቶታል፣ ሁለት ፊታቸው በጥቀርሻ የጠቆረ ሰዎች እሳቱን ይኮረኩራሉ። ብሪታንያ የእንፋሎት ባቡርን ከመደበኛ አገልግሎት ያስወጣችው እ.ኤ.አ. በ1968 ነው፤ ይሄ መስመር ላይ ለጎብኚ ብለው የመለሱት በ1984 ነው። እንዲህ ያለ ነገር በሕይወት ማየት ብርቅ ነው። አንዲት እናት ግን ልጇን ታጽናናለች፦ «አይዞህ፣ ቤት ስንገባ ቀይ እናደርገዋለን።»

እንግዲህ ወደ ጀግናዬ ልምጣ።

ፉርጎዎቹ የዱሮ ናቸው። በየጫፋቸው በር አለ፣ የበሩ መስኮት ወደ ታች ይወርዳል። ወደ ማሌግ ሲኬድ ሐይቁም ድልድዩም በደንብ የሚታዩት በግራ በኩል ነው። ይህንን የማያውቅ የለም፣ ግን እንደ ጀግናዬ ያወቀ የለም። ባቡሩ ፉጨቱን ሳያሰማ፣ ገና ሰው ወንበሩን እየፈለገ፣ እሱ የግራውን በር መስኮት ዝቅ አድርጎ ክንዱን አሳርፎበታል። ቦርሳው ከእግሩ ሥር ነው። ከቦርሳው ባትሪ፣ ከባትሪው ገመድ፣ ከገመዱ ሁለተኛ ስልክ ይወጣል። ሁለተኛው ስልክ የመጀመሪያው ሲደክም ይተካል። ወንበር አለው፣ ከፍሎበታል፣ ባለቤቱ ብቻዋን ተቀምጣበታለች። ድልድዩ ጋ ለመድረስ ግማሽ ሰዓት ያህል ይቀራል። ግማሽ ሰዓት ምን አላት! እሱ ከአሁኑ እየቀረጸ ነው። የጣቢያውን መጸዳጃ ቤት ቀረጸ። የቆመ መኪና ቀረጸ። አጥር ቀረጸ። በግ ቀረጸ፤ በጓ ቀና ብላ አየችውና ወደ ሣሯ ተመለሰች።

«ይቅርታ፣ አንዴ ልይ?» አልኩት። ሳይዞር አንድ ጣቱን አነሳ። ጠብቅ ማለቱ ነው ብዬ ጠበቅኩ። ጣቱ ግን ለእኔ አልነበረም፤ ላይቭ ላይ ላሉት ተከታዮቹ አቅጣጫ እየጠቆመ ነበር። ባለቤቱ ሻይ አመጣችለት። ሻይዋን ከጀርባው በኩል ተቀበላት፣ ሳያይ ጠጣት፣ ኩባያውን ከጀርባው በኩል መለሰላት። ምናልባት ስትሄድም አላየም። አንዲት የስምንት ዓመት የምትሆን ልጅ፣ ባለ ፈትል ስካርፍ፣ እንጨት የአስማት በትር የያዘች፣ በብብቱ ሥር ለመሹለክ ሞከረች። ክርኑን ዝቅ አደረገ። ልጅቱ በትሯን ወደ ጀርባው አነጣጥራ የሆነ ነገር አጉተመተመች። አልሠራም። እኔም ውስጤ ሆኜ ሞክሬ ነበር።

ከዚያ ጭሱ መጣ። የእንፋሎት ባቡር ነው፣ ጭስ አለው፤ ገንዘብ የተከፈለውም ለጭሱ ነው። ጀግናዬ ግን በጣም ተቆጣ። ጭሱ ቪዲዮውን አበላሸበት! ለቲኬት ተቆጣጣሪው አቤት ሲል በጆሮዬ ሰማሁ። ተቆጣጣሪው ሽማግሌ ቢጤ ናቸው፣ ፊታቸውን ሳያስፈቱ «ለእሳቱ እነግረዋለሁ ጌታዬ» ብለው አለፉ። ወዲያው የከሰል ብናኝ ዓይኑ ውስጥ ገባ። አንድ ዓይኑ ቀላ፣ አነባ፣ ተጨፈነ። መስኮቱን የለቀቀ መሰላችሁ? በግራ እጁ ዓይኑን እያሸ በቀኝ እጁ ቀረጸ። ለነገሩ ስልኩ እያየለት ዓይን ምን ያደርግለታል።

ድልድዩ መጣ። የግሌንፊናን ድልድይ 21 ቅስት አለው፣ 380 ሜትር ይረዝማል፣ ከሸለቆው 30 ሜትር ገደማ ከፍ ይላል፣ ጠቅላላው ኮንክሪት ነው፣ መስመሩ ሥራ የጀመረው እ.ኤ.አ. በ1901 ነው። ወደ ጎን ስለሚታጠፍ በግራ መስኮት አንገቱን ያወጣ ሰው የራሱን ባቡር ፊት ያያል። ችግሩ እዚህ ላይ ነው።

ጀግናዬ ጭንቅላቱን፣ ከዚያ ትከሻውን፣ ከዚያ እስከ ደረቱ አወጣ። አታውጡ የሚል ጽሑፍ ልክ አፍንጫው ሥር ተለጥፏል። ይሄ ቀልድ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2016 ለንደን ውስጥ አንድ ሰው በእንዲህ ያለ መስኮት ጭንቅላቱን አውጥቶ ከሐዲድ ዳር ካለ ብረት ጋር ተጋጭቶ ሞቷል። በ2018 ባዝ ከተማ አጠገብ አንዲት ወጣት የዛፍ ቅርንጫፍ መትቷት ሞታለች። የዛፍ ቅርንጫፍ! ከኋላው ያቺ ልጅ ቆማለች፣ ትልቅ ሰው እንዴት እንደሚያደርግ እያየች፣ ተራዋ ሲደርስ እንደዚያው ልታደርግ። ሌሎቹ ደግሞ አጥር ዘለው ሐዲዱ ላይ ቆመው ፎቶ የሚነሱት ናቸው። ባቡር ፍሬን ያዘ ማለት ቆመ ማለት አይደለም። ያ ፊቱ በጥቀርሻ የጠቆረ ሰው ነው ዕድሜ ልኩን ተሸክሞት የሚኖረው፤ ለምን? ለአንድ ምስል፣ ያውም በተሻለ ካሜራ ሺህ ጊዜ የተነሳ ምስል። እንዲህ ያለው ሰው ያናድደኛል፣ በእውነት ያናድደኛል።

ወደ ምስጋናዬ ልመለስ።

ለአፍታ በጀግናዬ ክንድና በበሩ ብረት መሀል የእጅ መዳፍ የምታህል ቀዳዳ ተገኘች። በሷ በኩል ያየሁትን ልንገራችሁ። ተራራው ጥግ ላይ ሰው እንደ ጉድ ተሰብስቧል። ሁሉም ስልክ አንስቷል፣ ሁሉም እኛን ይቀርጻል። እኛ ደግሞ በየመስኮቱ ስልክ አውጥተን እነሱን እንቀርጻለን። ያሉበት ቦታ ባቡሩ በደንብ ይታያል፣ ግን አልተሳፈሩም። እኛ ተሳፍረናል፣ ግን ባቡሩ አይታየንም። ማንም ለማንም እጁን አላውለበለበም፤ ነጻ እጅ ከየት ይመጣል? ማታ እነሱ የኛን ስልኮች፣ እኛ የእነሱን ስልኮች በየስልካችን አየን። ሚጅ የምትባለዋን ብናኝ ትንኝ ደግሞ ችለው ነው እዚያ የቆሙት፤ የስኮትላንድን ሚጅ በሁለት የተያዘ እጅ መቻል ቅድስና ነው።

ግሌንፊናን ላይ ሺል የሚባለው ሐይቅ ጫፍ አንድ ረጅም የድንጋይ ሐውልት ቆሟል። እ.ኤ.አ. ነሐሴ 19 ቀን 1745 ልዑል ቻርልስ ኤድዋርድ ስቱዋርት ዙፋን ላስመልስ ብሎ ሰንደቁን የተከለበት ቦታ ነው። የተከተሉት ጃኮባይት ይባላሉ፤ ባቡሩ የተሰየመው በነሱ ነው። በቀጣዩ ዓመት ከሎደን በሚባል የጦር ሜዳ ላይ አለቁ። አስጎብኚዋ ይህንን ስትናገር አጠገቤ ያለው ሰው የፊልሙ ግንብ የት እንዳለ ይጠይቃል። ግንቡ የለም። ስቱዲዮ ውስጥ የተሠራ ሞዴል ነው፣ ከዚህ መልክዓ ምድር ጋር በምስል ያጣመሩት። «እና ከዚህ አይታይም?» አለ። አይታይም ጌታዬ። ከዚያ ስላለፍነው ኤልት ሐይቅ ብዙ አልልም፤ መሀሉ ላይ ያለችው ደሴት በፊልሙ የአስማት መምህሩ መቃብር ናት፣ እዚያ ሲደርሱ ሁለት ሴቶች አለቀሱ። ኖሮ ለማያውቅ ሰው ማልቀስ ደግ ልብ ይጠይቃል፣ ለሐውልቱ ሰዎች የሚተርፍ ባይኖርም።

ማሌግ ደረስን። በአንድ ወቅት በሄሪንግ ዓሣ የታወቀች ወደብ ናት፣ ከዚያ ወደ ስካይ ደሴት ጀልባ አለ፣ ጥሩ ዓሣ ይጠበሳል። ያ ፊልም ስላልተቀረጸባት ሁሉም በሰላም በላ።

መመለሻው ላይ ግን አንድ ነገር ሆነ። ማሌግ ላይ ሎኮሞቲቭ የሚዞርበት ነገር የለም። ስለዚህ ከአንዱ ጫፍ ይፈታና በሌላው ይቀጠላል፣ ፊቱንም ሳያዞር የከሰል ጋሪውን አስቀድሞ ወደ ኋላው ይጎትታል። ይህ ደግሞ ፊልሙ ላይ የለም። ባለርስቶቹ በሙሉ ፊታቸው ጠቆረ። ወደ ኋላ የሚሄድ ባቡር ማን ላይክ ያደርጋል? ጀግናዬ ስልኩን ኪሱ ከተተ፣ ሚስቱ አጠገብ ተቀመጠ፣ ወዲያው ማንኮራፋት ጀመረ። መስኮቱ ባዶ ሆነ።

ሄድኩና ቆምኩ። ያቺን ባለ በትሯን ልጅ ጠራኋት፣ ጭንቅላታችንን ሳናወጣ ተራ በተራ አየን። አምስት ደቂቃ ያህል ቆየን። ወደ ድልድዩ ስንቃረብ አንድ ሰው ትከሻዬን መታ መታ አደረገኝ። ጀግናዬ ነው፣ አንድ ዓይኑ እንደቀላ፣ ስልኩ እጁ ላይ።

«ጌታዬ፣ ብዙ ቆዩ እኮ» አለኝ፤ «ለሌላውም ሰው ማሰብ ጥሩ ነው።»