ሃያው ከእንጨት፣ ሃያው ከውኃ

ጎንደር ተወልጄ ስላደግሁ ቤተ መንግሥት አያስደንቀኝም እል ነበር። በምኖርበት በጀርመንም የመሳፍንት ግቢ ሞልቷል፤ ሣሩ እንደ ምልምል ወታደር ጸጉር የተላጨ፣ ቁጥቋጦው በመቀስ ተከርክሞ ኳስ የሆነ። አይቼ አልፋለሁ። ኢራን፣ ኢስፋሃን ከተማ ያለው ቼሄል ሶቱን የተባለው ቤተ መንግሥት ግን አላሳልፍ አለኝ።

ስሙ በፋርስኛ «አርባ ዓምድ» ማለት ነው። ቆጠርሁ፤ ሃያ ናቸው፤ ቀጫጭንና ረጃጅም የእንጨት ዓምዶች። ከበረንዳው ፊት ከ100 ሜትር በላይ የሚረዝም ገንዳ ተዘርግቷል፤ የቀሩት ሃያዎቹ እዚያ ውስጥ ተዘቅዝቀው ቆመዋል። ነፋስ ሽው ሲል ይፈርሳሉ፤ ውኃው ሲረጋ እንደገና ይቆማሉ። አርባ ለፋርሶች «ብዙ» ማለትም ነው። የእኛን የጎንደርን አርባ አራት ታቦትስ ማን አንድ በአንድ ቆጠረው?

ውስጡ በሥዕል ያሸበረቀ ነው፤ የነገሥታት ግብዣ፣ ጦርነት። በኋላ ዘመን የተጨመረ ቢሆንም፣ የፋርሱ ንጉሥ ሻህ እስማኤል እ.ኤ.አ. በ1514 በኦቶማን ቱርኮች የተሸነፈበት የቻልዲራን ጦርነት ሳይቀር አለ። ሽንፈቱን በአዳራሹ የሚያስል ቤተ መንግሥት እኔ ሌላ አላየሁም።

ከሥዕሉ ይልቅ ልቤ የቀረው ገንዳው ጋ ነው። ዳግማዊ ሻህ አባስ ይህን ቤት እ.ኤ.አ. በ1647 ሲያስጨርስ ጎንደር ላይ የነገሡት አፄ ፋሲል ነበሩ። በስማቸው የሚጠራው መዋኛም መካከሉ ላይ ቤት ያለው ገንዳ ነው። ልዩነቱ፣ የእኛው አብዛኛውን ጊዜ ደረቅ ነው። ለጥምቀት የቀሃ ወንዝ ይለቀቅበታል፤ ካህናቱ ይባርኩታል፤ ከዚያ ወጣቱ ከነልብሱ ይዘልበታል።

ዓመቱን ሙሉ ቢሞላስ ብዬ ተመኘሁ። ወዲያው ግን ጀሪካን ደርድረው የቧንቧ ውኃ ተራ የሚጠብቁት የጎንደር እናቶች ትዝ አሉኝና አፈርሁ። ኢስፋሃንም ብትሆን አልተረፋትም፤ በመካከሏ የሚያልፈው የዛያንዴ ወንዝ ከቅርብ ዓመታት ወዲህ ብዙ ጊዜ ደርቆ፣ ዝነኞቹ ድልድዮቿ በአሸዋ ላይ ይቆማሉ።

የገንዳውን ፎቶግራፍ ጎንደር ላለችው እህቴ ላክሁላት።

«እንዴት ያምራል! የሚዘሉበት መቼ ነው?» አለችኝ።

«አይዘሉበትም።»

«ታዲያ ምን ያደርጉበታል?»

«ያዩታል» አልኋት።